ቤቱ የት ሄደ? ክላምበር እና የእኛው መሐል ወንዝ

የአንኮበሯ (ጠያቂ)፦

ሰላም ለሁላችሁ። ደብረ ብርሃን ነው ያለሁት፣ ተወልጄ ያደግሁት ግን አንኮበር ነው። እንግዳ ሲመጣ እየመራሁ ወደ ምኒልክ ቤተ መንግሥት ኮረብታ እወስዳለሁ። ሰሞኑን ወንድሜ ከእንግሊዝ አገር ፎቶ ላከልኝ። ኖቲንግሃምሻየር ውስጥ ክላምበር የሚባል ቦታ ነው። ትልቅ ሐይቅ አለ፣ ግራና ቀኝ ዛፍ የተተከለበት መጨረሻው የማይታይ መንገድ አለ፣ ካቴድራል የመሰለ ቤተ ክርስቲያን አለ። «የመስፍኑ ቤትስ?» ብዬ ጻፍኩለት። «ቤቱማ የለም፣ እዚህ ነበር» ብሎ ባዶ ሣር አንስቶ ላከልኝ።

ያ ሣር ከዓይኔ አልጠፋም። ምክንያቱም እኔም በየሳምንቱ ሰው ዳገት አስወጥቼ የማሳየው የግንብ ቁራጭና ሣር ነው። ሁሉም ኮረብታው ላይ እንደደረሱ ያንኑ ይጠይቁኛል፣ «ቤቱስ የታል?» ይላሉ። እስከ ዛሬ የሚመስለኝ የእኛ የጠፋው በእንጨትና በጭቃ ስለሠራን፣ ድሆችም ስለሆንን ነው። በድንጋይ የሠሩት፣ ያን ያህል ሀብት የነበራቸው ሰዎች ቤትስ እንዴት ይጠፋል? ጦርነት ነው? ደግሞስ የትኛው ክፍል የት እንደነበር በምን ያውቁታል? እዚያ አካባቢ የምትኖሩ ወይም ታሪኩን የምታውቁ ካላችሁ ባካችሁ ንገሩኝ። ለራሴ ሥራም ይጠቅመኛል።

ወርክሶፕ ነዋሪ፦

እህቴ፣ ጥያቄሽን ሳይ ቡናዬን አስቀምጬ ነው መጻፍ የጀመርኩት። የምኖረው ወርክሶፕ ነው፣ ክላምበር ጎረቤቴ ማለት ነው። እሑድ ከቅዳሴ መልስ ልጆቼን የማንሸራሽረው እዚያ ነው። እናቴ የአሳግርት ሰው ስለነበረች አንቺ የምትይው ዳገትም አይጠፋኝም።

ቦታው መጀመሪያ የሸርውድ ጫካ አካል ነበር። እ.ኤ.አ. በ1707 ለኒውካስል መስፍን ማደኛ ተብሎ ታጠረ። ትልቁ ቤት ከ1760ዎቹ ጀምሮ ተሠራ፣ ንድፉን ያወጣው ስቲቨን ራይት የሚባል አርክቴክት ነው። ሐይቁ የተፈጥሮ እንዳይመስልሽ። ወንዝ ገድበው ያበጁት ነው፣ 15 ዓመት ፈጅቷል። የዛፉ መንገድ ሦስት ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፣ ላይም የሚሉት (ከሎሚ ጋር የማይገናኝ) ዛፍ በሁለት በሁለት ረድፍ ተተክሎበታል፣ ቁጥሩ 1,296 ነው። የዛሬ መቶ ዓመት ገደማ ነፍሳት ስላስቸገሩ ግንዱን ዙሪያውን ጥቁር ቀለም ቀብተውት ነበር፣ የቀለሙ ቀለበት ዛሬም ይታያል። ልጄ «ዛፎቹ መቀነት ታጥቀዋል» ትላለች።

አሁን ወደ ቤቱ ልመለስ። ቤቱን ጦርነት አልነካውም። የጎዳው መጀመሪያ እሳት ነው። መጋቢት 1879 እ.ኤ.አ. መሐሉ ተቃጠለ። ልጁ ቻርልስ ባሪ (የአባትና የልጅ ስም አንድ ነው፣ ሁለቱም አርክቴክት ናቸው) ከፊቱ አሳምሮ ሠራው። በ1912 ደግሞ እንደገና ተቃጠለ። እንደገና ተጠገነ።

የገደለው ግን ዕዳ ነው። ስድስተኛው መስፍን ቁማርተኛ ነበር፣ ባለዕዳዎቹን ሸሽቶ አገር ጥሎ እስከ መሄድ ደርሷል። ያገባት ሄንሪዬታ ሆፕ የሀብታም ወራሽ ነች፣ ሆፕ የሚባለው ሰማያዊ አልማዝ የእሷ ቤተሰብ ንብረት ነበር። ሁለተኛ ልጃቸው ፍራንሲስ ያንን ሀብት ወርሶ እሱም ከሰረ፣ አልማዙንም በ1901 ሸጠው። አልማዙ ዛሬ ዋሽንግተን ሙዚየም ውስጥ ነው። በ1928 ታላቅ ወንድሙ ሰባተኛው መስፍን ሲሞት ያው ፍራንሲስ ስምንተኛው መስፍን ሆነ። በ1937 የቤቱ ዕቃ፣ መጻሕፍቱ፣ ሥዕሉ ሁሉ በጨረታ ወጣ። በ1938 ቤቱ ራሱ ፈረሰ። ቤቱን ያፈረሱት ባለቤቶቹ ናቸው፣ ማንም አላስገደዳቸውም።

ቤተ ክርስቲያኑ ቀረ። እሱን ያሠራው ሰባተኛው መስፍን ነው፣ ከ1886 እስከ 1889፣ ሾጣጣው ማማ ወደ 55 ሜትር ይደርሳል። ሰው ይጸልይበታል አሁንም። የፈረስ ጋጣዎቹም ቀሩ። ከቤቱ የቀረው የመስፍኑ የንባብ ክፍል ብቻ ነው፣ አሁን ሻይ ቤት ሆኗል። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ግቢው የጥይት ማከማቻ ነበር፣ በ1946 ናሽናል ትረስት የሚባለው የቅርስ ማኅበር ገዛው።

ክፍሉን በምን ያውቁታል ላልሽው፣ ወረቀት አላቸው። የርስት ካርታ፣ ፎቶ፣ የጨረታው ዝርዝር ራሱ። ጨረታ ላይ ዕቃ ሲሸጥ ክፍል በክፍል ስለሚጻፍ ቤቱ እየሞተ ሳለ ተመዘገበ ማለት ነው። የቤተሰቡ ሰነድ ኖቲንግሃም ዩኒቨርሲቲ ይገኛል። ከወረቀቱ ሁሉ የገረመኝ ግን 2018 ላይ ያየሁት ነው። ያን ዓመት ክረምታችሁ፣ ማለት የእኛ በጋ፣ ድርቅ ነበር። ሣሩ ሲጠወልግ ከሥሩ መሠረት ያለበት ቦታ ቀድሞ ደረቀ። ከላይ በድሮን ሲነሣ የቤቱ ግድግዳ መስመር በሙሉ ሣሩ ላይ ወጣ። ያኔ ከፈረሰ 80 ዓመት ሆኖት ነበር እኮ!

ሂሳብ ሠራተኛ፦

ወንድማችን ያለው ልክ ነው፣ ግን ቁማር ብቻ እንዳይመስላችሁ። ቁማር የማያውቁትም ቤታቸውን አፍርሰዋል። ነገሩ የሚጀምረው ከእህል ነው። እ.ኤ.አ. ከ1870ዎቹ በኋላ የአሜሪካ ርካሽ ስንዴ በባቡርና በመርከብ ወደ እንግሊዝ ጎረፈ፣ የአገሩ እህል ዋጋ ወደቀ፣ ገበሬው ለባለመሬቱ የሚከፍለው ኪራይም አብሮ ወደቀ። እነዚህ ቤቶች ቆመው የነበሩት በዚያ ኪራይ ነው።

በ1894 ደግሞ የውርስ ግብር መጣ። ሲጀምር ከፍተኛው 8 በመቶ ነበር። በ1919 ወደ 40 ደረሰ፣ በ1940ዎቹ መጨረሻ 80 በመቶ። አባት ሞቶ ልጅ ሳይረጋጋ ልጁም ጦር ሜዳ ላይ ከሞተ፣ ያው ንብረት በጥቂት ዓመት ሁለቴ ይገበርበታል። ጣራው ያፈሳል፣ አገልጋይ የለም፣ ማሞቂያው አይቻልም። ያኔ ጣራው የተከደነበትን እርሳስ የሚባለውን ብረት ገፎ፣ ምድጃውንና ደረጃውን ነቅሎ መሸጥ ቤቱን ከማኖር ይሻላል። በ1955 በአማካይ በየአምስት ቀኑ አንድ ቤት ይፈርስ ነበር። ሕዝቡ የነቃው ዘግይቶ ነው፣ 1974 ላይ ለንደን ቪክቶሪያና አልበርት ሙዚየም ውስጥ የጠፉት ቤቶች ፎቶ በኤግዚቢሽን ሲቀርብ።

የደነባው፦

ይቅርታ፣ እኔ ግን ልቤ አያዝንላቸውም። በጭሰኛ ላብ የቆመ ቤት ቢፈርስ ምን አለበት? አያቴ ከምርቱ እኩሌታውን ለባለርስት ይሰጥ የነበረ ሰው ነው። የ1967ቱ የመሬት አዋጅ ሲታወጅ መሬት ስሞ ነው ያለቀሰው። የባላባት አዳራሽ ፈረሰ ብላችሁ ስታዝኑ ስለ እሱም አስቡ። የእንግሊዙስ ጭሰኛ አልነበረውም?

ወርክሶፕ ነዋሪ፦

ወንድሜ የደነባው፣ ነበረው እንጂ። ጥሩ አድርገህ አነሣኸው፣ እኔ ዘልዬው ነበር። አራተኛው መስፍን ኒውአርክ ከተማ ውስጥ ብዙ ቤት ነበረው። እሱ ላቀረበው ሰው ድምፅ ያልሰጡትን ተከራዮች አስወጣ። ለምን ቢባል በገዛ ንብረቴ የፈቀድሁትን ባደርግ ምን ችግር አለው ብሎ መለሰ፣ አነጋገሩ እስከ ዛሬ ይጠቀሳል። በጥቅምት 1831 እ.ኤ.አ. ደግሞ ብዙ ሰው እንዲመርጥ የሚፈቅደው የምርጫ ማሻሻያ ሕግ ፓርላማ ውስጥ ውድቅ ሲሆን የኖቲንግሃም ሕዝብ ተነሥቶ የዚሁ መስፍን ንብረት የሆነውን የኖቲንግሃም ግንብ አቃጠለው። መስፍኑ 21,000 ፓውንድ ካሳ ተቀበለ፣ ግንቡን ግን አልጠገነውም። የተቃጠለው ቀፎ እሱ ከሞተም በኋላ ጭምር ከ40 ዓመት በላይ ከከተማው በላይ ቆሞ ኖረ። በኋላ ከተማው ሙዚየም አደረገው፣ በ1878 ተከፈተ።

ስለዚህ ለመስፍኑ እዘን አልልህም። ነገር ግን ያንን ሐይቅ በአካፋ የቆፈሩት፣ ድንጋዩን የጠረቡት፣ ወጥ ቤት ያደሩት ሰዎች የሥራቸው ምስክር ያው ቤት ነበር። ቤቱ ሲጠፋ የመስፍኑ ስም አልጠፋም፣ መጽሐፍ ላይ አለ። የጠፋው የእነሱ ነው።

የደነባው፦

ይኼ አሳመነኝ። አያቴም የባለርስቱን ጎተራ በእጁ የሠራ ሰው ነው። ጎተራው ዛሬ የለም፣ እሱ እንደሠራውም ከእኔ በቀር የሚያውቅ የለም።

አናጺ ከጫጫ፦

እኔ የማውቀው እንጨት ነው፣ ስለ እንጨት ልናገር። እህታችን «በእንጨትና በጭቃ ስለሠራን ጠፋ» ያልሽው ግማሹ ብቻ ነው ልክ። ጥድና ወይራ ክዳኑ እስከተጠበቀ ድረስ ትውልድ ያልፋል። ቤት የሚሞተው ከላይ ነው። ክዳኑ ሲያፈስ ውሃው በግድግዳው ውስጥ ይወርዳል፣ ጭቃው ይላቀቃል፣ ማገሩ ይበሰብሳል፣ ከዚያ ምሰሶው ብቻውን ይቆማል። ምሰሶ ብቻውን ከቆመ ደግሞ ሰው ይወስደዋል፣ ጥሩ እንጨት ማን ይተዋል? የእንግሊዞቹም እርሳስ ከጣራ ሲገፈፍ ያው የእኛው ነገር ነው። ድንጋይ ቢሆንስ? እኛ አገር ፈርሶ ያልተወሰደ ጥርብ ድንጋይ አይቼ አላውቅም። በየሰዉ ካብ ውስጥ ገብቷል። የድሮ ግቢ የነበረበት ሰፈር ያሉትን አጥሮች አስተውላችሁ ብታዩ መዶሻ የነካው ድንጋይ ታገኛላችሁ።

አንድ ነገር ልጨምር። ሰውና ከብት የኖረበት መሬት ሳማ ይወዳል። አባቴ መሬት ሲያይ ሳማ ጥቅጥቅ ያለበትን «እዚህ ቤት ነበር» ይል ነበር። ብዙ ጊዜ ሲቆፈር አመድና ገል ይወጣል። ሣር ሲደርቅ መሠረት ይታያል የተባለው አልገረመኝም።

ጡረተኛው መምህር፦

ልጄ የአንኮበሯ፣ ጥያቄሽን ሁለት ጊዜ አነበብሁት። እኔ ታሪክ አስተምሬ ጡረታ የወጣሁ ነኝ። ሁላችሁም የጠፋ የእንግሊዝ ቤት ፍለጋ ባሕር ተሻግራችሁ ሄዳችሁ። እኛው አገር፣ አንኮበር ሥር የጠፋ አንድ የእንግሊዝ ቤት እንዳለ ግን ማንም አላነሣም።

ነገሩ እንዲህ ነው። በንጉሥ ሣህለ ሥላሴ ዘመን፣ እ.ኤ.አ. በ1841 ካፒቴን ዊልያም ኮርንዋሊስ ሐሪስ የሚባል የእንግሊዝ መልእክተኛ ከህንዷ ቦምቤ ተልኮ በታጁራ ወደብ በኩል ሸዋ ገባ። ኅዳር 1834 በእኛ አቆጣጠር ከንጉሡ ጋር የንግድና የወዳጅነት ውል ተፈራረመ። እስከ 1843 እ.ኤ.አ. ድረስ እኛው ዘንድ ቆየ። ከእሱ ጋር ሐኪምም፣ የተፈጥሮ ተመራማሪም፣ ሠዓሊም ነበሩ። ንጉሡ ጥበብ የሚወዱ ሰው ነበሩ። ዲሜትሪዮስ የሚባል የአልባኒያ ተወላጅ ግንበኛ ነበራቸው፣ ሐሪስ «ማቻልዋንስ» ብሎ በሚጽፈው ቦታ ቤተ መንግሥት ይሠራላቸው ነበር። ይህ ስም መሐል ወንዝ መሆን አለበት ብዬ አምናለሁ፣ ጆሮው የሰማውን በራሱ ፊደል ጽፎት ነው። እዚያ ከመልእክተኞቹ አንዱ ካፒቴን ግርሃም ጎቲክ በሚሉት ስልት አዳራሽ ነድፎ ለንጉሡ አሠራላቸው። ጎቲክ ማለት ወንድማችን ክላምበር ያየው ቤተ ክርስቲያን የተሠራበት ስልት ነው፣ ቅስቱ ወደ ላይ የሚሾጥጥ። ሲያልቅ እንደ እነሱ አገር ቤት በዕቃ አስጌጡት። ሐሪስ እንደጻፈው ንጉሡ ገብተው አይተው እጅግ ደስ አላቸው፣ ቤተ ጸሎት አደርገዋለሁ እስከማለትም ደረሱ።

እስቲ አስቡት። ክላምበር ላይ ቤቱ ጠፍቶ ጎቲኩ ቤተ ክርስቲያን ቀረ። እኛ ዘንድ ጎቲኩ አዳራሽ ራሱ ጠፋ። ለአርባ ዓመት ያህል ባስተማርሁበት ጊዜ ከተማሪዎቼ አንድም «እሱ የት ነው?» ብሎ የጠየቀኝ የለም። ጥፋቱ የእኔ ነው፣ እኔ አልነገርኋቸውማ። ስለ ውሉ አስተምር ነበር፣ ስለ አዳራሹ ግን አንድ ቀን አላነሣሁም።

ወረቀት የለንም ብለሽ ተስፋ አትቁረጪ። የመልእክቱ ሠዓሊ ዮሐን ማርቲን በርናትስ፣ የሙኒክ ሰው፣ አንኮበርንና አንጎለላን ሥሎ ሥዕሎቹን በ1852 እ.ኤ.አ. ለንደን ላይ አሳትሟል። ቤቶቹ ከኮረብታው ላይ እንዴት እንደተደረደሩ፣ አጥሩ በስንት ዙር እንደሆነ ታይበታለሽ። አንጎለላ ምኒልክ በ1836 ዓ.ም. የተወለዱባት መሆኗን ሁሉም ያውቃል፣ ምን ትመስል እንደነበር ግን ያየ ጥቂት ነው። ያንቺዋን ደብረ ብርሃንንም አትርሺ። ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ በ15ኛው መቶ ዘመን ከትመውባት የዜና መዋዕላቸው ጸሐፊ የግቢውን አጥርና በር ሥርዓት ሳይቀር ጽፎታል። ዛሬ ፋብሪካ በሚተከልበት ከተማ ከዚያ ግቢ አንድ ድንጋይ ማሳየት አንችልም፣ ጽሑፉ ግን አለ።

የአንኮበሯ፦

ጋሼ መምህር፣ እግዚአብሔር ያክብርልኝ። መሐል ወንዝ የሚለውን ስም ሳነብ እጄ ተንቀጠቀጠ። ልጅ ሆኜ እዚያ በኩል ነው ለእንጨት የምንወርደው! አያቴ አሁንም በሕይወት አለች፣ ማታ ደውዬ ጠየቅኋት። ስለ እንግሊዝ አዳራሽ ሰምታ አታውቅም። ግን «እዚያ ሳማው ውስጥ አትግቡ፣ የንጉሥ ቤት ነበረ ይሉናል እናቶቻችን» አለችኝ። አናጺው ወንድሜ፣ ሳማ ያልከውን ገና ሳልነግራት ነው ይህን ያለችኝ። ያው ቦታ ይሁን አይሁን አላውቅም፣ ዝም ብዬ ግን አልቀመጥም።

ወርክሶፕ ላለኸው ወንድሜም፣ ቤቱ ሣሩ ላይ ወጣ ያልከውን ፎቶ ካገኘህ ላክልኝ። ለእንግዶቼ ላሳያቸው እፈልጋለሁ። «ቤቱስ የታል?» ሲሉኝ እስከ ዛሬ ይቅርታ የምጠይቅ ይመስል ነበር ድምፄ። እንደዚያ መናገር የለብኝም።

የማስበው እንዲህ ነው። ክረምቱ ወጥቶ ሣሩ ሲደርቅ፣ የካቲት አካባቢ፣ ወርጄ አየዋለሁ። ምንም አልቆፍርም። ፎቶ አነሣለሁ፣ ሰፈሩ ያሉ ሽማግሌዎች ቦታውን በምን በምን ስም እንደሚጠሩት እጽፋለሁ። አያቴንም ድምጿን እቀዳለሁ፣ ዕድሜዋ ገፍቷል።

አናጺ ከጫጫ፦

እኔም እመጣለሁ። የድሮ ምሰሶ የቆመበት ጉድጓድ አፈሩ ይለያል፣ ለስላሳ ነው፣ በእግር ይታወቃል። ካቦቹንም አብረን እናያለን፣ ቅስት ድንጋይ አንድ እንኳ ቢገኝ እኔ አልስተውም።

ጡረተኛው መምህር፦

ጉልበቴ ለዚያ ቁልቁለት አይሆንም እንጂ ልቤ ከእናንተ ጋር ነው። ሐሪስ ስለ አዳራሹ የጻፈውን ገጽ ወደ አማርኛ መልሼ እስከዚያ አደርስልሻለሁ፣ ለአያትሽ አንብቢላት። ስትወርዱ ጭጋጉ እስኪገፍ ጠብቁ፣ በጠዋት ያ መንገድ ያሳስታል።